እጅጌ ያለው ብርድ ልብስ፣ ልብስ ነው? ፍርድ ቤቶች የጨርቃ ጨርቅ ቀረጥ ሕግን እንዴት እንደሚያነቡ

ስለ ቀረጥ ዜና ስንሰማ ጆሯችን የሚይዘው መቶኛውን ነው። ይህን ያህል ጨመረ፣ ይህን ያህል ቀነሰ። ግን መቶኛው ከመሰላቱ በፊት መመለስ ያለበት ጥያቄ አለ፦ ለመሆኑ ዕቃው ምንድን ነው?

ጥያቄው ቀላል ይመስላል። እስቲ አንድ ትልቅ፣ ለስላሳ የፖሊስተር ብርድ ልብስ አስቡ። ሁለት ሰፋፊ እጅጌዎች ተሰፍተውበታል። ሶፋ ላይ ቁጭ ብላችሁ ከፊት ለፊታችሁ ታደርጉታላችሁ። እጃችሁ በእጅጌው ወጥቶ መጽሐፍ ይገልጣል፣ ስልክ ይነካካል። ጀርባው ክፍት ነው። ቁልፍ፣ ዚፕም ሆነ መቀነት የለውም።

ይህ ዕቃ አሜሪካ ውስጥ «ስናጊ» በሚል ስም በቴሌቪዥን ማስታወቂያ የታወቀ ነው። የአገሪቱ ጉምሩክ «ልብስ ነው» ብሎ 14.9 በመቶ ቀረጥ ጠየቀ። አስመጪው ደግሞ «የለም፣ ብርድ ልብስ ነው፣ የሚገባው 8.5 በመቶ ነው» አለ። የአንድ ሚሊዮን ዶላር ዕቃ ቢገባ ልዩነቱ 64,000 ዶላር ይሆናል። ነገሩ ፍርድ ቤት ደረሰ። ውሳኔው የተሰጠው በ2017 ነው (እዚህ ያሉት ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)።

በአማርኛ ብናስበው ክርክሩ ይብሳል። «ብርድ ልብስ» ስንል ገና ከስሙ «ልብስ» ብለነዋል። ለዚህ ነው በቀረጥ ሕግ ውስጥ የቃል ትርጉም እንደ ዋዛ የማይታየው። ዳኛው ምን እንደወሰነ ከማየታችን በፊት የታሪፍ መጽሐፉ ምን እንደሚመስል እንይ።

የዕቃ ስም እንዴት ገንዘብ ይሆናል?

ከ200 በላይ አገሮችና ግዛቶች የሚጠቀሙበት አንድ የጋራ የዕቃ መዝገብ አለ። ሐርሞናይዝድ ሲስተም ይባላል፤ በአጭሩ ኤችኤስ። የሚያስተዳድረው ብራስልስ ያለው የዓለም ጉምሩክ ድርጅት ነው። ሥራ ላይ የዋለው በ1988 ሲሆን አሜሪካ በ1989 ተቀብላዋለች።

እያንዳንዱ ዕቃ ባለ ስድስት አሃዝ ቁጥር አለው። ቁጥሩ እንደ አድራሻ ነው። የመጀመሪያዎቹ ሁለት አሃዞች ሕንፃውን ይነግሯችኋል፤ ይህ ምዕራፉ ነው። ቀጣዮቹ ሁለት ፎቁን፣ የመጨረሻዎቹ ሁለት በሩን። ከዚያ በኋላ እያንዳንዱ አገር የራሱን አሃዞች ይጨምርና በሩ ላይ የቀረጡን መጠን ይለጥፋል። ቁጥሩ የጋራ ነው፣ መቶኛው ግን የየአገሩ ነው።

ጨርቃ ጨርቅ ከምዕራፍ 50 እስከ 63 ይዟል። ሐር 50 ላይ ነው፣ ሱፍ 51፣ ጥጥ 52። ሰው ሠራሽ ክሮች 54 እና 55 ላይ ናቸው። የተሰፉ ልብሶች ደግሞ ሁለት ትልልቅ ቤት አላቸው። እንደ ሹራብና ቲሸርት ክሩ እየተቆላለፈ የተሠራው ምዕራፍ 61 ይገባል። እንደ ሸሚዝ ጨርቅ የተሸመነው ምዕራፍ 62 ይገባል።

እስቲ አንድ ቲሸርት አንሡ። አንገቱ ላይ ያለችው ትንሽ ምልክት «52 በመቶ ጥጥ፣ 48 በመቶ ፖሊስተር» ትላለች እንበል። በመዝገቡ ደንብ መሠረት ከሁለት ዓይነት ክር የተሠራ ጨርቅ፣ ሙሉ በሙሉ በክብደት ከሚበልጠው ክር እንደተሠራ ይቆጠራል። ስለዚህ ይህ ቲሸርት ጥጥ ነው። በአሜሪካ መነሻ ታሪፍ (ተጨማሪ ቀረጥም ሆነ ልዩ ቅናሽ ሳይገባበት) 16.5 በመቶ ይከፍላል። አሁን ቁጥሩን ገልብጡት፦ 48 ጥጥ፣ 52 ፖሊስተር። በዓይን ብታዩት፣ በእጅ ብትዳብሱት ለውጡ አይታወቃችሁም። ቀረጡ ግን 32 በመቶ ሆነ፤ እጥፍ ሊሆን ምንም አልቀረው።

እኩል በእኩል ቢሆንስ? ደንቡ ለዚህም መልስ አለው። ሁለቱ ከተካከሉ በቁጥር ቅደም ተከተል መጨረሻ የሚመጣው ያሸንፋል። ጥጥ 52 ላይ ነው፣ ሰው ሠራሽ ክር ከዚያ በኋላ። ስለዚህ 50 በ50 የሆነው ቲሸርት እንደ ሰው ሠራሽ ይቆጠራል፤ 32 በመቶውን ይከፍላል።

ዳኛው ከየት ይጀምራል?

ከመጽሐፉ። ብዙ ሰው ዳኛ በስሜቱ ወይም «ፍትሐዊው የቱ ነው» በሚል ሚዛን የሚወስን ይመስለዋል። በታሪፍ ጉዳይ እንደዚያ አይደለም። ከመዝገቡ ጋር ስድስት አጠቃላይ የአነባበብ ደንቦች አሉ፤ በተራ ነው የሚሠሩት። የመጀመሪያው መልስ ከሰጠ ወደ ሁለተኛው አይኬድም።

የመጀመሪያው ደንብ እንዲህ የሚል ነው፦ የምዕራፍ ርዕሶች ለመፈለጊያ ብቻ ናቸው፤ የሚወስነው የእያንዳንዱ መስመር (በመጽሐፉ የሰፈረው የዕቃ መደብ) ቃልና፣ በምዕራፉ እንዲሁም ምዕራፎቹን በሚያቅፈው ክፍል መጀመሪያ ላይ ያሉት ማስታወሻዎች ናቸው። ማስታወሻ ሲባል የግርጌ ጽሑፍ እንዳይመስላችሁ። የሕጉ አካል ነው። ብዙ ክርክር የሚያልቀው እዚያ ላይ ነው።

አንድ ማስታወሻ ለምሳሌ ላሳያችሁ። የሸሚዝና የብሉዝ መስመሮች «ከወገብ በታች ኪስ ያለው ልብስ አይጨምሩም» ይላል። በቃ ይኸው ነው። ከፖሊስተር የተሸመነ የሴት ሸሚዝ በአሜሪካ መነሻ ታሪፍ 26.9 በመቶ ይከፍላል። ያው ሸሚዝ ከወገብ በታች ትንሽ ኪስ ከተሰፋለት ከሸሚዝ መስመር ወጥቶ «ሌሎች ልብሶች» ውስጥ ይገባል። እዚያ 16 በመቶ ነው። በአሥር ዶላር ሸሚዝ ላይ 1 ዶላር ከ9 ሳንቲም ይተርፋል። አንዳንድ የሴት ሸሚዞች ጎን ስፌት አጠገብ፣ ወደ ታች ወረድ ብሎ፣ ቁልፍ እንኳ በቅጡ የማትይዝ ኪስ አይታችሁ «ይህቺ ደግሞ ለምን ተሠራች?» ብላችሁ ከሆነ መልሱ እዚህ ሊሆን ይችላል።

ማስታወሻው ለጾታም ደንብ አለው። ከፊት የሚዘጋ ልብስ ግራው በቀኙ ላይ ከተደረበ የወንድ ነው፣ ቀኙ በግራው ላይ ከሆነ የሴት ነው፤ ቅዱ ራሱ በግልጽ ሌላ ካልተናገረ በስተቀር። የወንድ ይሁን የሴት ያልለየለት ደግሞ ከሴቶቹ ጋር ይመደባል።

መስመሩና ማስታወሻው መልስ ካልሰጡ፣ ወይም ዕቃው ሁለት መስመር ላይ የሚስማማ ከሆነ፣ ወደ ቀጣዮቹ ደንቦች ይኬዳል። አጠቃላይ ከሆነው ይልቅ ለይቶ የሚጠራው መስመር ይቀድማል። ከተለያዩ ነገሮች የተገጣጠመ ከሆነ «ዋናውን ጠባዩን የሰጠው የትኛው ነው?» ይባላል። ይህም ካልፈታው በቁጥር መጨረሻ ያለው ይወስዳል።

ሕጉ ቃሉን ካልፈታውስ?

ክርክሩ የሚከረው እዚህ ላይ ነው። የታሪፍ መጽሐፍ «ብርድ ልብስ» ይላል እንጂ ብርድ ልብስ ማለት ምን እንደሆነ አይተነትንም።

ፍርድ ቤቶች ለዚህ ከሁለት መቶ ዓመት በፊት የጀመረ መልስ አላቸው። በ1824 የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በሻይ ላይ በተነሳ ክርክር፣ የቀረጥ ሕግ ዕቃን የሚጠራው በገበያ በሚታወቅበት ስም ነው አለ። ሕግ አውጪው ነጋዴዎችን የዕፅዋት ወይም የማዕድን ሊቅ አድርጎ አላሰባቸውም። በ1893 ያው ፍርድ ቤት ቲማቲም በሥነ ዕፅዋት ፍሬ ቢሆንም በቀረጥ ሕግ አትክልት ነው ብሎ ወሰነ። ምክንያቱም ሰው ከዋናው ምግብ ጋር እንጂ ከምግብ በኋላ እንደ ፍራፍሬ አይበላውም።

ዛሬም መንገዱ ይኸው ነው። ዳኛው መዝገበ ቃላት ይገልጣል፤ አንድ ብቻ ሳይሆን ብዙ። የነጋዴዎችን ምስክርነት ይሰማል። የዓለም ጉምሩክ ድርጅት የሚያወጣውን የማብራሪያ ጽሑፍም ያያል። ማብራሪያው አስገዳጅ ሕግ አይደለም፣ ግን ክብደት ይሰጠዋል። የኤችኤስ ዋና ቅጂ በእንግሊዝኛና በፈረንሳይኛ ስለሆነ ትርጉም ሲያከራክር ወደ ሁለቱ ይመለሳሉ።

አውሮፓ ውስጥ «ፒጃማ» የሚለው ቃል ብቻውን ሉክሰምበርግ ያለው የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት ደርሷል። ላይና ታች ሆኖ የሚሸጥ ለስላሳ የሹራብ ልብስ ቤት ውስጥ ቡና እየጠጡም ይለበሳል፣ ተኝተውም ይለበሳል። ታዲያ ፒጃማ ነው? በ1994 ፍርድ ቤቱ ያለው እንዲህ ነው፦ ፒጃማ ለመባል አልጋ ላይ ብቻ የሚለበስ መሆን የለበትም፤ በዋናነት አልጋ ላይ የሚለበስ ከሆነ ይበቃል። ያንን ደግሞ የሚነግረን የዕቃው የሚታይ ጠባይ ነው፤ ቅዱ፣ ጨርቁ፣ ስፌቱ። በ1997 ተመሳሳይ ጥያቄ በሌሊት ቀሚስ ላይ ሲነሳ የፍርድ ቤቱ አማካሪ ፍራንሲስ ጃኮብስ አንድ ነገር አሳሰቡ። እያንዳንዱ ልብስ ሉክሰምበርግ ድረስ መምጣት የለበትም፤ መርሁ አንዴ ከተቀመጠ የየአገሩ ዳኞች ራሳቸው ሊሠሩበት ይገባል አሉ። እኔም በዚህ እስማማለሁ። መርህ የሚጠቅመው የሚቀጥለውን ጉዳይ ሲያቀል ነው።

ስናጊው ምን ተባለ?

ጉምሩክ እንዲህ ተከራከረ፦ እጅጌ አለው፣ ሰውነት ላይ ይደረጋል፣ የቄስ ካባን ወይም የምረቃ ጋዋንን ይመስላል። ማስታወቂያው ላይ ሰዎች ስታዲየም ውስጥ ለብሰውት ይታያሉ። ስለዚህ ልብስ ነው።

ዳኛው ዕቃውን ራሱን አየ። ካባም ሆነ ጋዋን ሰውነትን ይከባል። ይህ ግን ከጀርባ ክፍት ነው፣ የሚዘጋበትም ነገር የለውም። እጅጌው የተሰፋው ሰው እየተሸፈነ እጁን እንዲጠቀም ነው። ይህ ደግሞ የብርድ ልብስን ሥራ ያሻሽላል እንጂ ወደ ሌላ ነገር አይቀይረውም። ስታዲየሙስ? ተራ ብርድ ልብስም ስታዲየም ይዞ የሚሄድ ሰው አለ። ማሸጊያውና ማስታወቂያው ራሱ «እጅጌ ያለው ብርድ ልብስ» ብሎ ነው የሚሸጠው። አስመጪው አሸነፈ።

በአሜሪካ የጉምሩክ ክርክር ውስጥ የቆየ አባባል አለ፦ ዕቃው ራሱ ብርቱ ምስክር ነው። በእርግጥም ናሙናው ችሎት ይቀርባል። ዳኛው ይነካዋል፣ ይገለብጠዋል፣ ስፌቱን ያያል።

የገና አባት ልብስስ?

ይህን በደንብ ላሳያችሁ፣ ምክንያቱም አንድ ኩባንያ በሁለቱም ወገን ቆሞ የተከራከረበት ነው። በአሜሪካ ታሪፍ «የበዓል ዕቃ» የሚባል መስመር አለ፤ በመነሻ ታሪፍ ከቀረጥ ነፃ ነው። ልብስ ግን ይከፍላል።

በመጀመሪያው ክርክር ሩቢስ የተባለው የበዓል ማስመሰያ ልብስ አምራች፣ ከውጭ የሚገቡ የሃሎዊን (ሰዎች ሌላ ነገር መስለው የሚያመሹበት በዓል) ልብሶች ቀረጥ ይክፈሉ ብሎ ጠየቀ። ጠንቋይ፣ የባሕር ወንበዴ፣ ቀልደኛ የሚያስመስሉ ስስ ልብሶች ናቸው። የታችኛው ፍርድ ቤት ተስማማ። ይግባኝ ሰሚው በ2003 ሻረው። እነዚህ ጠርዛቸው ያልተቀመቀመ፣ ስፌታቸው በቀላሉ የሚተረተር፣ ለአንድ ምሽት የተሠሩ ናቸው። ልብስ ማለት ሰው ለገላው መሸፈኛ፣ ለምቾት ወይም ለጌጥ የሚለብሰው ነው፤ እነዚህ ግን የበዓል ዕቃ ናቸው ተባለ።

ከዓመታት በኋላ ሩቢስ ራሱ አስመጪ ሆኖ መጣ። አሁን የያዘው ዘጠኝ ቁራጭ ያለው የገና አባት አልባሳት ነው። «በ2003 እንዳላችሁት የበዓል ዕቃ ነው» አለ። ፍርድ ቤቱ ኮቱንና ሱሪውን ተመለከተ። ወፍራም ጨርቅ፣ ገበር ያለው፣ ዚፕ ያለው፣ በደንብ የተሰፋ፣ ለብዙ ዓመት ገና የሚያገለግል። በ2019 ይግባኝ ሰሚው ልብስ ነው ብሎ አጸናው። ለኮቱ 32 በመቶ፣ ለሱሪው 28.2 በመቶ።

ሁለቱም በዓል ላይ ነው የሚለበሱት። የለያቸው የስፌቱ ጥራት ነው።

ቀረጥ ለመቀነስ ብሎ ልብሱን መለወጥ ማጭበርበር ነው?

ብዙ ሰው ነው ይላል። ፍርድ ቤቶች ግን አይደለም ይላሉ፤ በአንድ ቅድመ ሁኔታ። በ1891 የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ያየው ጉዳይ የሴቶች ቀሚስ ጨርቅ ነበር። አምራቹ ሱፉ ውስጥ ጥቂት ጥጥ ጨመረ፤ ዓላማው «ሙሉ ሱፍ» ከሚለው ከባድ ቀረጥ ማምለጥ ነበር። ፍርድ ቤቱ ዝቅተኛው ቀረጥ ይገባዋል አለ። ጥጡ በእርግጥ ጨርቁ ውስጥ አለ። የሚመዘነው ወደብ ላይ የደረሰው ዕቃ እንጂ የአምራቹ ሐሳብ አይደለም።

ቅድመ ሁኔታው ለውጡ እውነተኛ መሆኑ ነው። ዕቃው የሌላውን መልክ ለብሶ ገብቶ በኋላ የሚወልቅ ከሆነ ነገሩ ይለያል። ከጨርቅ ውጭ ያለ ቢሆንም ጥሩ ምሳሌው የፎርድ ጉዳይ ነው። ኩባንያው ቫኖችን ከኋላ መቀመጫ ገጥሞ እንደ ሰው ማመላለሻ በ2.5 በመቶ አስገባ። ከገቡ በኋላ መቀመጫውን አውልቆ የዕቃ መኪና አደረጋቸው። የዕቃ መኪና ቀረጥ 25 በመቶ ነው። በ2019 ይግባኝ ሰሚው የዕቃ መኪና ናቸው አለ። ኪሷ ሸሚዙ ላይ ትቆያለች፣ መቀመጫው ግን አልቆየም።

ጉምሩክ «ይህ ነው» ካለ፣ ዳኛው የመከተል ግዴታ አለበት?

የለበትም። ግን ችላም አይለውም። የዚህን መስመር ከሳሉት ጉዳዮች አንዱ የሱሪ ጉዳይ ነው። ሐጋር የተባለው ኩባንያ አሜሪካ የተቆረጠ ጨርቅ ወደ ሜክሲኮ ልኮ ያሰፋል፤ የተተኮሰው እጥፋት እንዳይጠፋ ሱሪው በምድጃ ይጋገራል። ጥያቄው መጋገሩ የስፌቱ አካል ነው ወይስ ተጨማሪ ሥራ የሚል ነበር። በ1999 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ጉምሩክ በደንብ ያወጣውን ትርጉም ፍርድ ቤቶች ሊያከብሩት ይገባል አለ። በ2001 ደግሞ በየጉዳዩ የሚጻፉ የጉምሩክ ደብዳቤዎች ያን ያህል ክብደት የላቸውም፤ የሚከበሩት ምክንያታቸው ባሳመነው ልክ ነው አለ። በ2024 በተሰጠው ሌላ ውሳኔ፣ መሥሪያ ቤቶች አሻሚ ሕግን ሲተረጉሙ ዳኞች ይከተሉ የሚለው ሰፊ አካሄድ ቀርቷል። የሕግ ትርጉም የዳኛው ሥራ ነው።

ብዙ ሰው የማያውቀው አንድ ነገር አለ። በአሜሪካ ዳኛው ከሁለቱ ወገኖች አንዱን ብቻ መምረጥ አይጠበቅበትም። ሁለቱም ተሳስተዋል ብሎ ሦስተኛውን መስመር ራሱ ሊያገኝ ይችላል፤ እንዲያውም ትክክለኛውን የማግኘት ግዴታ አለበት።

አስመጪው ምን ያድርግ?

በአሜሪካ ሂሳቡ ከተዘጋ በኋላ ተቃውሞ ለማቅረብ 180 ቀን አለ። ጉምሩክ ተቃውሞውን ውድቅ ካደረገ ክስ ለመመሥረት ሌላ 180 ቀን። ከመክሰሱ በፊት ግን ቀረጡ መከፈል አለበት፤ ሲረታ ይመለስለታል። ለትልቅ ድርጅት ይህ የወረቀት ሥራ ነው። ለትንሽ ነጋዴ ግን ገንዘቡ ለዓመታት ተይዞ መቆየቱ ራሱ ከባድ ነው።

ስለዚህ የተሻለው መንገድ አስቀድሞ መጠየቅ ነው። ብዙ አገሮች ዕቃው ከመርከብ ሳይወርድ በጽሑፍ መልስ ይሰጣሉ። በአውሮፓ ኅብረት እንዲህ ያለው ውሳኔ ለሦስት ዓመት ይጸናል። ጥያቄው ላይ የክሩ ዓይነትና ክብደት በመቶኛ፣ የተሸመነ ወይስ የሹራብ ዓይነት መሆኑ፣ አዘጋጉ፣ ኪሱ የት እንዳለ መጻፍ አለበት። ናሙናም አያይዙ።

መጽሐፉ ራሱ እንደሚለወጥም አትርሱ። ቀጣዩ የኤችኤስ እትም ከጥር 1 ቀን 2028 ጀምሮ ይሠራል። የገና ሥዕል ያለባቸው ሹራቦች አስመጪዎች በ2007 ይግባኝ ላይ ሹራባቸውን የበዓል ዕቃ አስብለው ረትተው ነበር። በዚያው ዓመት እትም ግን አዲስ ማስታወሻ ገባ፦ የዕለት ተዕለት አገልግሎት የሚሰጥ ልብስ የበዓል ሥዕል ቢኖረውም ከበዓል ዕቃዎች ምዕራፍ ይወጣል። ድሉ የሠራው አስቀድሞ ለገባው ዕቃ ብቻ ሆነ።